በቀበሌው ጠረጴዛ ላይ ያደረ ንጉሥ

የቤቴ ምሰሶ አየለ፣ ከተለየኸኝ ወዲህ ሁለተኛው ክረምት ወጣ። በሕይወት ሳለህ በሰው ፊት አንቱ እልህ ነበር። ጓዳ ስንገባ አንተ ስልህ ደግሞ ትስቅ ነበር። ይህን የምጽፍልህ ጓዳ ተቀምጬ ነውና አንተ ልበልህ። የፊደሌን መንጋደድ አትይብኝ። ግድግዳችን ላይ ከለጠፍነው ጋዜጣ የተለቀመ ፊደል ከዚህ በላይ አይቀናም።

የቤቱን ወሬ ላስቀድም። ጣራው በሐምሌ አፍስሶ ወንድምህ መጥቶ ከደነልኝ። ታገለግልበት የነበረው ሆቴል ተዘግቷል፤ አንተ ታነጥፋቸው የነበሩት አልጋዎች ላይ አሁን ወታደሮች ይተኛሉ። አውሮፕላን ከቀረ ቆየ። እንግዳ ያስጎበኙ የነበሩት ልጆች ግማሾቹ ወደ እርሻ ተመለሱ፤ ግማሾቹ የት እንደገቡ አይጠየቅም። ከከተማው ለመውጣት የቀበሌ ወረቀት ያስፈልጋል፤ ብልባላ ገበያ ደርሶ ለመምጣት እንኳ።

ልጃችን አሰፉ ደሴ ላይ አርግዛለች። የመጀመሪያ ልጅ በእናት እጅ እንደሚወለድ ታውቃለህ። ይህን መንገድ ግን ነፍሰ ጡር በእግሯ አትወጣውም፤ ስለዚህ እኔው ልሄድላት ተነሣሁ። ተነሥቼም እዚሁ ቀረሁ። የያዘኝ ያንተው ቼዝ ነው ብልህ ታምነኛለህ?

ያስተማርከኝ ሰሞን ትዝ ይልሃል? አንተ ከአባትህ የለመድከው የአገራችንን ሰንጠረዥ ነበር። በዚያ ሥርዓት መጀመሪያው ወረራ ነው፤ አንዱ የሌላውን ወታደር እስኪበላ ድረስ ሁለቱም ተራ ሳይጠብቁ እኩል ጦራቸውን ያሰልፋሉ። ተራ የሚባል ነገር የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። እኔም እንዲያ ተማርኩ፤ እጅህና እጄ እየተጋጨ፣ እየሳቅን። ታዲያ ሆቴል ያረፈ አንድ ፈረንጅ ሰሌዳ ዘርግቶ ና ሲልህ፣ እሱ አንዲት ወታደር ገፍቶ እጁን ሳይሰበስብ አንተ ግማሹን ጦር አወጣህበት። ሰውየው ደንግጦ ተነሣ። ኃላፊው «አየለ፣ እንግዳ ትዘርፋለህ እንዴ!» ብሎ ጮኸ። ያን ቀን እራት አልበላ አልከኝ። በማግሥቱ ግን ፈረንጁ ራሱ አስጠርቶህ የነሱን ሥርዓት አስተማረህ፤ ካንተም ወረራን ተምሮ ሄደ። ከዚያ መስቀል የሚቀርጸውን ሰው ለምነህ ከወይራ ሙሉ ጦር አስቀረጽክ።

ከዚያ ወዲህ ቼዝ የሚያውቅ እንግዳ በመጣ ቁጥር ስለ ታላላቆቹ ተጫዋቾች ትጠይቅ ነበር። ስለ ድላቸው አልነበረም። ምን ይበላሉ? ልጅ አላቸው? እንጀራቸው ከምንድን ነው? ቤት ስትገባ ለኔ ትነግረኛለህ። የሩሲያው ሻምፒዮን የኤሌክትሪክ መሐንዲስ እንደነበረ። ሌላው ድምፁ ያማረ ሆኖ ትልቁ ቲያትር ቤት ሊዘፍን ተፈትኖ እንዳልተቀበሉት። አንዱ ደግሞ ሻምፒዮንነቱን ማንም ሳይነጥቀው፣ ከአገሩ ርቆ፣ ሆቴል ክፍል ውስጥ ብቻውን ሞቶ እንደተገኘ። ይህን የነገርከኝ ጊዜ «የኛ ሆቴል ቢሆን ኖሮ የማገኘው እኔ ነበርኩ» አልከኝ።

አሁን ያለውን የቀበሌ ሊቀመንበር አታውቀውም፤ ካንተ በኋላ የመጣ ወጣት ነው። ሩሲያ ለትምህርት ተልኮ ቼዝ ለምዶ ተመልሷል። የሚገጥመው ሰው አጥቶ ሲያጠያይቅ «የአየለ ሚስት ታውቃለች» አሉት። ወረቀት ልለምን ስገባ ማመልከቻዬን ወደ ጎን አድርጎ «እትዬ ዘነብ፣ መጀመሪያ አንድ ዙር» አለኝ። በማግሥቱ ያንተን የወይራ ጦር ይዤ እንድመጣ አዘዘ። ክፉ ሰው ቢሆን በቀለለኝ። ወንበር ይስብልኛል፣ የደሴን ብርድ ይጠይቀኛል። ንጉሥ ያልኩ እንደሆነ ብቻ ፊቱን ያጨማድድና «ዋናው በይው» ይለኛል።

ሆን ብዬ ተሸነፍኩለት። «ዛሬ ልብሽ እዚህ የለም፤ ነገ ደኅና ሆነሽ ነይ» አለ። በማግሥቱ ረታሁት። «ሳልበቀል አልፈርምም» አለ። እኩል ወጣን፤ «እኩያ እኩያውን አይለቅም» ብሎ ሳቀ። ከዚያ በኋላ ምን እንደማደርግ ጠፋኝ። ቀኑ ይሄዳል፣ የአሰፉም ወር ይገባል፤ እኔ ጠረጴዛው ሥር ጉልበቴን አጥፌ የእንጨት ፈረስ አንቀሳቅሳለሁ።

ሰዉን ታውቀዋለህ፤ ጨዋታ ዝም ብሎ አያይም። ስኳር ሊወስድ ቀበሌ የመጣው ሁሉ ዙሪያችንን ከቦ አንዱ ለኔ፣ አንዱ ለሱ ይጮኻል። ከሁሉ የምትብሰው ጎረቤታችን እትዬ ትርፌ ናት። አንድ ቀን የመጀመሪያዋን የሴቶች ሻምፒዮን ታሪክ አወራሁላቸው። ከወንዶች ጋር ልትወዳደር ብትመጣ፣ አንዱ ተወዳዳሪ በሷ የተሸነፈ ሁሉ ማኅበር ያቋቁም ብሎ አላገጠ፤ የማኅበሩም የመጀመሪያ አባል ራሱ ሆነ። እትዬ ትርፌ ቀበል አድርጋ «እንግዲያ ጓድ ሊቀመንበር ጽዋውን የሚያወጡት መቼ ነው?» አለች። ሰው ሁሉ ሳቀ። እሱም ሳቀ፤ ብዕሩን ግን አላነሣም።

ልቡ ይራራ እንደሆነ ብዬ ሌላ ቀን የፖላንዱን ሰው አነሣሁ። ለውድድር ባሕር ተሻግሮ ሳለ ጦርነት ተነሣበት። እሱ እዚያ ማዶ ቀረ፤ ሚስቱና ልጁ እዚህ ማዶ። ከዓመታት በኋላ ሰሌዳ ሳያይ ከአርባ ሰው ጋር ባንድ ጊዜ ገጠመ፤ ወሬው በጋዜጣ ወጥቶ ከዘመዶቹ ይደርስልኝ እንደሆነ ብሎ ነው። ሊቀመንበሩ ራሱን ይዞ «አርባ ሰው! ምን ዓይነት ጭንቅላት ነው!» አለ። እኔ የምነግረው ስለ ሚስቱና ስለ ልጁ ነበር። ማንም አልመለሰለትም፤ አልቀው ነበር። ይህን መጨረሻ ልናገር ስል አሰፉ ፊቴ ድቅን አለችና ዋጥኩት።

ትናንት ከሰዓት በኋላ ጨዋታው መሐል ላይ ሳለ እጄን ሰበሰብኩ። «እትዬ ዘነብ፣ ተራሽ ነው» አለኝ። «አውቃለሁ፤ ጨዋታው ይደር» አልኩት። በኛ ሰንጠረዥ ይደር ብሎ ነገር የለም፤ ጥሎ የተነሣ ተሸናፊ ነው። በፈረንጆቹ ግን ታላላቆቹ ሳይቀሩ ያልጨረሱትን ለሌላ ቀን ያሳድራሉ። ይህን እኮ እሱ ራሱ ነው፣ ሩሲያ ያየውን ሲተርክልን፣ ደጋግሞ የነገረን። «እስከ መቼ?» አለ። «ልጄን አገላግዬ እስክመለስ» አልኩ። ድምፄ ይህን ያህል መውጣቱ እኔንም ገረመኝ። እትዬ ትርፌ ወደ ሰዉ ዞራ፣ እሱ እንዲሰማት አድርጋ፣ «እግዜር ያሳያችሁ፣ የራሳቸውን ሕግ ሊክዱ ነው?» አለች።

ሰሌዳውን ብዙ አየው። ምን እንዳየ አላውቅም። እኔ ያየሁትን ግን ላንተ ልንገርህ፤ ጥቂት ብቆይ ንጉሡን መሸሻ አሳጣው ነበር። በመጨረሻ «ማንም እንዳይነካው» ብሎ ፈረመ።

ገና ደስ አይበልህ። ወረቀቱ የአንድ ወር ነው፤ ዋስም ይጠይቃል። ብቀር የሚታሰረው ዋሱ ነው። እትዬ ትርፌ ማንም ሳይለምናት አውራ ጣቷን ቀለም ነክራ አተመች፤ «ሂጂ፤ እኔ እንደሆን የት እሄዳለሁ» አለችኝ። አሰፉ እዚሁ ደሴ ትቀሪያለሽ ብላ በሰው ልካብኛለች። አልቀርም አየለ። በዚያች አውራ ጣት ላይ እንዴት እቀራለሁ? ያንተ የወይራ ጦር እንደቆመ እዚያ ጠረጴዛ ላይ አድሯል፤ እኔም ተመልሼ እዚያው ወንበር ላይ እቀመጣለሁ። ያገኘሁት አንድ ወር ነው፤ ልጁ እስኪወለድና ዓይኑን እስካይ ይበቃኝ ይሆናል።

ነገ ማለዳ ከእህል ነጋዴዎች ጋር እስከ ጋሸና በእግር ነው፤ ከዚያ የተገኘ ጭነት መኪና። የልጅ ልጅህ ነፍስ ሲያውቅ ስላንተ መጠየቁ አይቀርም። አያትህ ደግ ሰው ነበር ብዬ አላልፈውም። አንተ ስለነዚያ ሰዎች እንደጠየቅከው አድርጌ እነግረዋለሁ። ሲያሸንፍ የሚያዝን ሰው ነበር እለዋለሁ። ሆቴል የተኛ እንግዳ ሁሉ ሲነሣ እንዳይቸገር ጫማውን ወደ በር አዙሮ የሚያስቀምጥ ሰው ነበር እለዋለሁ። ይህን እኔ በሕይወት እያለሁ የሚረሳው የለም። ዛሬም ጫማዬን አልጋዬ ሥር እንዳንተ አዙሬ አስቀምጬዋለሁ።

ያንተዋ ዘነብ