ፈቲያ ያልጨረሰችው ሒሳብ

እሑድ

ማውስ ነክቼ አላውቅም። ነገ ግን የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ፈተና በኮምፒውተር ነው። ከቦኬ የመጣን ሴቶች ጭሮ ዩኒቨርሲቲው ግቢ ውስጥ ከጭሮ ልጆች ጋር አንድ ዶርም ደርሶናል። ፈቲያም እንደኔ ማውስ ነክታ አታውቅም። ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ አብረን ተምረናል፤ በሒሳብ የሚያክላት የለም፣ እኔንም እዚህ ያደረሰችኝ እሷ ናት። ትምህርት ቤታችን ኮምፒውተር አለ ይባላል፤ ክፍሉ ሲከፈት ግን አላየንም። ጎናችን የተኛችው የጭሮ ልጅ ሜሮን ፍራሹ ላይ ሳሙና አስቀምጣ «ይሄ ማውስ ነው እንበል» እያለች አለማመደችን። እነ ሜሮን ዓመቱን ሙሉ በኮምፒውተር ሲለማመዱ ነው የከረሙት። ሳቅን።

ሰኞ

እንግሊዝኛ። የማውሱ ቀስት የምፈልገውን መልስ እያለፈች አስቸገረችኝ። የመጨረሻዎቹን ሳላነብ ሰዓቱ አለቀ። ፈቲያ ግን ደርሳለች፣ አልሐምዱሊላህ።

ማክሰኞ

ሒሳብ። ገና ሳናጋምስ ፈቲያ ብድግ አለች። ወደሚቀጥለው ገጽ የሄደች መስሏት የማስረከቢያውን ቁልፍ ተጭናው ኖሯል። ፈታኙ ክፉ ሰው አይደለም። ስልክ ደወለ፣ ወጣ ገባ አለ። ተመልሶ ግን «አንዴ ከተላከ አይከፈትም፣ ልጄ። ሕጉ ለሁሉም አንድ ነው» አላት። እኔ እንባዬን እየጠረግሁ ጥያቄዬን ቀጠልኩ።

ዶርም ስንገባ «ማል ጎና?» አለችኝ። ምን እንደምናደርግ እኔስ የት አውቄ?

ረቡዕ

ፊዚክስ። ፈቲያ ላለመሄድ ወደ ግድግዳው ዞራ ተኛች። ሜሮን ለመነቻት። እኔ ተቆጣኋት። በመጨረሻ ጫማዋን አሰርኩላትና ይዣት ሄድኩ። ጨረሰች።

ዓርብ

ትናንት ባዮሎጂን ጨረስን፣ ዛሬ ወደ ቦኬ ተመለስን። መኪና ውስጥ ልጆቹ ወረቀት ይሻል ነበር እያሉ ተከራከሩ። ይዞን የመጣው መምህር ከድር ጥያቄው አንድ ስለሆነ በወረቀትም በኮምፒውተርም ፈተናው እኩል ነው አለ። ፈቲያ ከማክሰኞ ወዲህ ድምጿን የሰማሁት ያኔ ነው።

«ጥያቄው አንድ ነው፣ መምህር። እኔን ግን ሒሳብ ማን ጠየቀኝ?»



መናኸሪያ አባቷ ቆመው ይጠብቁ ነበር። እንዴት ነበር ሲሏት ጥሩ ነበር አለች። እሳቸውም ደስ ብሏቸው ዱዓ አደረጉልን፣ ለእኔም ጭምር። አሚን አልኩ።

ውጤቱ ገና ነው። እኔ አልፌ እሷ ብትወድቅ በምን ዐይኔ አያታለሁ?